ወፍጮውና ተራው

ዘመድ ሲመጣብኝ መጀመሪያ የምወስደው ጅሬን ነው። ከ1870 ዓ.ም. ጀምሮ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ጅማን የገዙት የዳግማዊ አባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ኮረብታው ላይ ቆሟል፤ አስጎብኚው ይተርካል፣ እንግዳው ፎቶ ያነሳል፣ እኔ ታሪኩን በቃሌ እንደያዝኩት አልናገርም። ከዚያ ፈረንጅ አራዳ እንወርዳለን። ጣሊያን ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ጅማን የግዛቱ አንድ መቀመጫ ባደረጋት ጊዜ የተሠሩትን ቤቶች አይተን ቡና እንጠጣለን። ጉብኝቱ በዚሁ ያበቃል።

ባለፈው ኅዳር ግን እንግዳዬን ወፍጮ ቤት ወሰድኩት።

ወደ አጋሮ ከሚወስደው መንገድ ገባ ብላ ባለች አንዲት የቡና ከተማ ውስጥ ነው። ስሟን ትቼዋለሁ፤ በጋዜጣ የተጠራ አሮጌ ቤት ቦታው ቶሎ ይፈለጋል። ወፍጮው ድሮ በናፍጣ ነበር፣ አሁን በመብራት ነው፤ መብራት ሲጠፋ አሮጌው ሞተር እያጓራ ይነሳል። ዙሪያውን ሰባት ስምንት የድንጋይ ቤቶች ከበውታል፤ ግድግዳቸው ወፍራም፣ ቆርቆሯቸው ዝጎ የቡና ቀለም የያዘ።

እንግዳዬ አየት አድርጎ «ገበያ መሀል ወፍጮ ተከሉ» አለ። የለም፣ አልኩት፤ ወፍጮው ዙሪያ ነው ገበያው የበቀለው። እህል ይዛ የመጣች ሴት ማዳበሪያዋን ተራ አስይዛ ትጠብቃለች፤ በገበያ ቀን ግማሽ ቀን ሊሄድ ይችላል። እስኪደርሳት ጨውና ሳሙና ትገዛለች፣ ልብስ ሰፊው ጋ ጎራ ትላለች፣ ሻይ ቤቱ ደጃፍ ትቀመጣለች። በቡና አገር ደግሞ ገበሬው ከማሳው ብዙውን ለቡና ስለሚሰጥ እህል መሸመት አይቀርለትም። እሸቱ ወደ መፈልፈያ፣ ጀንፈሉ ወደ መቀሸሪያ ሲወርድ ብር ይመጣል፣ ብሩ በቆሎ ይሆናል፣ በቆሎው ወፍጮ ቤት ይገባል። እኛ በሄድንበት ቀን ማዳበሪያው ከደጅ አልፎ መንገድ ላይ ተሰልፏል።

ከሞተር ወፍጮው በፊት የነበረው የእጅ ወፍጮና መጅ ነው። ሴቲቱ በሌሊት ተነስታ፣ ተንበርክካ፣ ወገቧ እስኪቆረጥ ትፈጫለች። ጅሬን ላይ ለተቆረሰው ምግብም ዱቄቱ የወጣው ከገረድና ከባሪያ ሴቶች ጉልበት ነው፤ አስጎብኚው ግን ስለነሱ ሲያነሳ ሰምቼ አላውቅም። ለኔ ያ የሚያጓራ ሞተር በታሪክ ከቤተ መንግሥቱ አያንስም። የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ፣ ቁጥር 209/1992፣ ቅርስን ሰፋ አድርጎ ነው የሚተረጉመው፤ ንጉሥ ያልተኛበት ቤት አይመዝገብ አላለም።

ሆላንዶች ኪንደርዳይክ የሚባል መንደር ውስጥ 19 የንፋስ ወፍጮዎች አሏቸው፤ በ1990 ዓ.ም. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ ገብተዋል። ወፍጮ ይባሉ እንጂ ሥራቸው ከማሳ ውሃ ማውጣት ነበር። የሚያስቀናኝ መመዝገባቸው ሳይሆን ዛሬም ሰው የሚኖርባቸው መሆኑ ነው። የኛውንም አጥሩት፣ ትኬት ቁረጡበት አልልም፤ እንዲያውም እሱን ነው የምፈራው። የምለው፣ ቤቶቹና ወፍጮው አብረው ይመዝገቡ ነው። ወፍጮውን ወደ ከተማ ዳር ገፍቶ ድንጋይ ቤቶቹን ብቻ ቀለም መቀባት ተራውን መበተን ነው፤ ተራው ከተበተነ ሻይ ቤቱ ለማን ያፈላል?

ልንወጣ ስንል ወፍጮውን የሚያስፈጩት ሽማግሌ ሞተሩን አጠፉት። ሴቶቹ አጉረመረሙ። ድንጋዩ ሲለሰልስ ዱቄቱ ይግላል፤ ስለዚህ የላይኛውን ድንጋይ አንስተው፣ ዱቄት በነጣ ፊታቸው አቀርቅረው፣ ጠቅ ጠቅ እያደረጉ ይወቅሩት ጀመር።

«ተወቅሮ ስንት ጊዜ ያገለግላል፣ አባባ?» አለ እንግዳዬ።

ቀና ብለው ደጁን አዩ። «እንደ ተራው ነው፣ ልጄ።»