ዛሬን ኑር ባዮች ደረስጌን ይዩ

ከጥቅስ ጋር ጠብ የለኝም። ረዳቱ "ጠጋ በሉ፣ ጠጋ በሉ" እያለ በሚያጨናንቀን ታክሲ ውስጥ የተለጠፈ ጥቅስ፣ ብዙ ጊዜ ከጎኔ ከተቀመጠው ሰው ወሬ ይሻለኛል። የተጣላሁት ከአንድ ዓይነት ጥቅስ ጋር ነው። "ዛሬን ኑር" ይላል፤ "ነገ የለም" ይላል፤ "አትጨነቅ፣ ዝም ብለህ ግባበት" ይላል። ድሮ በታክሲና በፖስት ካርድ ላይ ብቻ ነበር የሚገኘው። አሁን አድጎ፣ አዳራሽ ተከራይቶ፣ ማይክራፎን ጨብጦ፣ የመግቢያ ዋጋ ተቆርጦለት "አነቃቂ ንግግር" ተብሏል።

ይህም ቢሆን ባልከፋ ነበር። ነገር ግን ከእነዚህ ተናጋሪዎች አንዱ አፄ ቴዎድሮስን ምስክር አድርጎ ሲጠራ በጆሮዬ ሰማሁ። ካሣ፣ አለ ሰውየው፣ ሳያመነታና ሳያቅድ ቅጽበቷን የነጠቀ ጀግና ነው። አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። ምስክር ከተጠራ ዘንድ ቦታው ድረስ ሄዶ ማየት ደግ ነውና፣ እስቲ ወደ ደረስጌ እንሂድ።

ደረስጌ ማርያም ያለችው ስሜን፣ ጃናሞራ ውስጥ ነው። ያሠሯት የስሜንና የትግሬ ገዥ ደጃዝማች ውቤ ኃይለ ማርያም ናቸው፤ ሊነግሡባት አስበው። እኒህ ሰው "ዛሬን ኑር" የሚለውን ምክር አንድ ቀን በተግባር ሞክረውት ነበር። በ1834 ዓ.ም. ደብረ ታቦር ላይ ከራስ ዓሊ ጋር ገጠሙና አሸነፉ። ራስ ዓሊ ሸሹ። ጳጳሱ አቡነ ሰላማ በውቤ ጥረትና ወጪ ከግብፅ መጥተው በዚያው ዓመት አገር ገብተዋል፤ ቀሪው ነገር ዘውድ መጫን ብቻ ይመስል ነበር። ውቤም ድንኳን አስተክለው ድላቸውን ማጣጣም ያዙ። ታዲያ ግብሩ ሳያልቅ የዓሊ ወገን የሆነው ቢሩ አሊጋዝ ደርሶ፣ አሸናፊውን ሰው ከነደስታቸው ማረካቸው። ከዚህ የበለጠ ቅጽበቱን የኖረ ሰው አላውቅም! ነፃ የወጡትም ካሣ ከፍለው ነው።

ተናጋሪው እዚህ ላይ ቶሎ ብሎ ጣልቃ ይገባል። "ከዚያስ በኋላ? አሥራ ሦስት ዓመት ዛሬ ነገ ሲሉ አይደል የተቀደሙት?" ይላል። እውነት ነው፣ ተቀድመዋል። በ1847 ዓ.ም. የካቲት ወር እዚያው ደረስጌ ላይ ደጃዝማች ካሣ ውቤን ድል አደረጓቸው፤ በቀናት ውስጥም ውቤ ለራሳቸው ባሠሯት ቤተ ክርስቲያን፣ ውቤ ባስመጧቸው ጳጳስ እጅ ተቀብተው "ዳግማዊ ቴዎድሮስ" ተባሉ። ባለቤቱ ግን በእስር ላይ ነበሩ።

ነገር ግን የቀደማቸው ማን ነው? ካሣ እንደ መብረቅ ዱብ ያሉ ሰው አልነበሩም። በ1845 ዓ.ም. ጉር አምባ ላይ ደጃዝማች ጎሹን፣ በዚያው ዓመት አይሻል ላይ ራስ ዓሊን፣ ቀጥሎ ጎጃሜውን ቢሩን አንድ በአንድ አንስተው ነው ወደ ስሜን ዳገት የወጡት። ይህ ሁሉ ስንቅ፣ ጠመንጃ፣ ስለላና ሌሊት እንቅልፍ ያጣ ሐሳብ ነው። የደረስጌዋ ቀን ባለ ሁለት ወጪ ነበረች፤ ግማሹን ካሣ በውጊያ፣ ግማሹን ውቤ በግንብ ከፍለዋል። ተናጋሪው የቀባበትን ዘይት አይቶ፣ ዘይቱን ማን እንዳመጣው ሳይጠይቅ ያልፋል።

የእኔም ክርክር ይኸው ነው። "ዛሬን ኑር" የሚለው ጥቅስ የዛሬን ሒሳብ ማን እንደከፈለ አይናገርም። ጥቅሱን የለጠፈው ሹፌር ራሱ ከንጋት ጀምሮ የሚዋደቀው ማታ ለባለንብረቱ የሚያስገባው ገቢ እንዳይጎድልበት ነው። ወደ ስሜን ተራሮች ወጥቶ ጀንበር ስትጠልቅ፣ ጭላዳው ገደል ሲወርድ እያየ "ጊዜ ቆመ" የሚል ጎብኚም አለ። መልካም፣ ደስ ይበለው። ይሁንና ያን ጸጥታ ለመጠበቅ ሲባል የግጭ መንደር ሰዎች በ2008 ዓ.ም. ቤታቸውን ለቀው ደባርቅ እንደሰፈሩ፣ ፓርኩም በዓመቱ ከዩኔስኮ የአደጋ መዝገብ እንደወጣ ልብ ይበል። እርሱ ያጣጣመውን ቅጽበት ሌላ ሰው በቤቱ ከፍሎለታል።

የጥቅሱ አባት የሚባለው ሮማዊው ባለቅኔ ሆራስ ነው። እርሱ እንኳ ለቀን የተጠቀመበት ግስ የፍሬ ለቀማ ግስ ነው፤ በዚያው ግጥም ወይን የማጥለል ሥራም ይነሳል። ፍሬ የሚለቀመው ተክሉን የተከለ ሲኖር ነው። ይህን የእኛ እናቶች ላቲን ሳይማሩ ያውቁታል። ድንገት ለመጣ እንግዳ "ቤት ያፈራውን ቅመሱ" ይላሉ። ልብ በሉ፣ ያፈራውን! እንግዳው በድንገት መጣ እንጂ ጠላው በድንገት አልተጠመቀም። ጌሾው ተወቅጧል፣ ብቅሉ በቅሏል፣ ጋኑ ታጥኗል። ከዚያ በኋላ ነው ሳያስቡት የመጣ ጨዋታ፣ እስከ እኩለ ሌሊት የሚዘልቅ ሳቅ። በባዶ ማሰሮ ፊት "ዛሬን ኑር" ብትሏት ባለቤቲቱ በሐፍረት ጓዳ ትገባለች።

እንደ መነኩሴ ኑሩ እያልኩ እንዳይመስላችሁ። ነገ በማይታመንበት አገር ያደገ ሰው ዛሬ ላይ ቢንጠለጠል አልፈርድበትም፤ ጦርነት ያየ፣ ተፈናቅሎ ያደረ ሰው አንዲት ሰላማዊ ቀን ሲያገኝ ቢጨፍርባት ሐቁ ነው። እርሱ ግን ጥቅስ አያስፈልገውም። ጥቅሱ የሚሸጠው ገና ሊጀምር ላለ ወጣት ነው፤ ቁጠባውን ትቶ፣ ትምህርቱን አቋርጦ "ዝም ብሎ እንዲገባበት"። ሲወድቅ ደግሞ የሚያነሳው ተናጋሪው አይደለም፤ እናቱ ናት፣ በዕቁብ ብሯ።

ያን ምሽት "ነገ የሚባል ነገር የለም" ተብለን፣ አጨብጭበን ስንወጣ፣ በሩ ላይ አንዲት ልጅ ጠረጴዛ ዘርግታ የሚቀጥለውን ወር መድረክ ትኬት ትሸጥ ነበር። ቀድሞ ለገዛ ቅናሽ አለው።