የሚያበራ ድንጋይ አለ?

የዛሬውን ጽሑፍ የምጀምረው የሰባት ዓመት ልጄ በጠየቀችኝ ጥያቄ ነው።

ባለፈው የቡና ወቅት ከሰኮሩ ወደ አጋሮና ወደ ሊሙ እየተመላለስኩ ጀንፈል ስገዛ ከርሜ ነበር። ሌሊት ገብቼ ጎህ ሳይቀድ እወጣለሁ። አንድ ምሽት ግን ቀደም ብዬ ደረስኩና ልጄ አልጋዋ ላይ ሆና ራሷ የፈጠረችውን ተረት ነገረችኝ። በአንድ ሩቅ አገር ሰዎች ቤታቸውን በሚያበራ ድንጋይ ይሠራሉ። ኩራዝ አያስፈልጋቸውም፤ መብራትም አይጠፋባቸውም። «አባቶችም ቤታቸውን ከሩቅ ስለሚያዩት ቶሎ ይመጣሉ» አለች። ቀጥላም «አባዬ፣ እንደዚህ ያለ ድንጋይ እውነት አለ?» ብላ ጠየቀችኝ።

ባለቤቴ ቀና ብላ አየችኝ እንጂ ምንም አልተናገረችም። ጥያቄው ስለ ድንጋይ ብቻ እንዳልሆነ ገባኝ።

ለልጄ ጥያቄ መልስ ለማግኘት የሚያውቁትን እየጠየቅኩ፣ መጻሕፍትም እያገላበጥኩ ሰነበትኩ። በጨለማ የሚያበራ ነገር በእርግጥ አለ። ዛሬ ሁለቱን ላንሣ፤ ልዩነታቸው ለትዳር ትልቅ ትምህርት አለውና።

አንደኛው ራዲየም ነው። ያገኙት ባልና ሚስት ናቸው፤ ማሪ ኩሪና ፒየር ኩሪ። በ1895 እ.ኤ.አ. ተጋብተው በ1898 ራዲየም መኖሩን ለዓለም አስታወቁ። ፓሪስ ውስጥ ጣሪያው በሚያፈስ አሮጌ መጋዘን ብዙ ኩንታል የማዕድን ድንጋይ ሲያፈሉና ሲያጣሩ ዓመታት ደከሙ። በ1902 በእጃቸው የገባው የራዲየም ጨው ግን የአንድ ግራም አንድ አሥረኛ ያህል ብቻ ነበር። አንዳንድ ማታ ወደ መጋዘኑ ተመልሰው በጨለማ የሚያበሩትን ብልቃጦች አብረው ይመለከቱ ነበር። እንዴት ያለ ውብ ምሽት ነው! ነገር ግን ያ ነገር ሰውነትን የሚጎዳ ጨረር ነበረው። ማሪ በ1934 በደም በሽታ ስትሞት ምክንያቱ ለብዙ ዓመታት ያገኛት ጨረር እንደሆነ ይታመናል።

ከ1917 ጀምሮ ደግሞ በአሜሪካ፣ በኒው ጀርሲ፣ ወጣት ሴቶች የሰዓት ቁጥሮችን በራዲየም ቀለም ይቀቡ ነበር። የብሩሹን ጫፍ በከንፈራቸው ያሾሉት ነበር፤ ጉዳት የለውም ተብለዋልና። ውሎ አድሮ የብዙዎቹ መንጋጋ ተበላ፤ የሞቱትም ጥቂት አይደሉም። አምስቱ ከሰው በ1928 ካሳ አገኙ፤ ጤናቸው ግን አልተመለሰም።

የዚህ ቀለም ነገር ይገርማል። ከጊዜ በኋላ ማብራቱን ያቆማል፤ በውስጡ ያለው ራዲየም ግን ግማሹ እንኳ እስኪያልቅ 1,600 ዓመት ያህል ይፈጃል። ብርሃኑ ይጠፋል፣ ጉዳቱ ይቀራል። ከአያት የተወረሰ እንዲህ ያለ አሮጌ ሰዓት በቤታችሁ ካለ አትክፈቱት፣ አትፋቁት፣ ለልጅም መጫወቻ አትስጡት።

ሁለተኛው ዛሬ በልጆች መኝታ ቤት የሚለጠፉት ኮከቦች የሚሠሩበት ነው። በ1990ዎቹ መጀመሪያ ጃፓኖች ስትሮንቲየም አሉሚኔት በሚባል ውህድ ላይ ዩሮፒየምና ዲስፕሮሲየም በጥቂቱ ጨምረው ከቀድሞዎቹ እጅግ የሚበልጥ ቀለም አወጡ። የራዲየም ዓይነት ጨረር የለበትም። የፀሐይ ወይም የአምፖል ብርሃን ሲያርፍበት ኃይሉን ይይዛል፤ ሲጨልም ቀስ እያለ ይለቀዋል። መጀመሪያ ይደምቃል፣ ከዚያ እየደበዘዘ ይሄዳል። ጥሩ የሚባለው እስኪነጋ ድረስ ይታያል።

ከጅማ እንዲህ ያሉ ኮከቦች ገዝቼ ከልጄ ጋር ለጠፍናቸው። «መልሱ ይኸው!» ብዬ በኩራት ወደ ሥራዬ ተመለስኩ። ከሳምንት በኋላ ስመጣ ግን ግድግዳው ጨለማ ነበር። «ተበላሹ እንዴ?» አልኩ። ባለቤቴ «አልተበላሹም። አቧራ ፈርቼ መስኮቱን ዘግቼ ከረምኩ፤ ብርሃን ሳያገኙ ከየት አምጥተው ያብሩ?» አለችኝ። ጥቂት ዝም ብላም «እኛም እንደዚያው ነን» አለች።

ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። «የምደክመው ለእናንተ ብዬ ነው» እያልኩ ስኖር፣ ከውጭ ሲያዩት የሚያበራው ሥራዬ ቤቴን ቀስ በቀስ እየጎዳው ነበር። ትዳራችን ግን ገና አልተሰበረም፤ ብርሃን አጥቶ ነው የደበዘዘው።

ከዚያ ወዲህ በቡና ወቅትም ቢሆን በሳምንት ሁለት ማታ ከቤተሰቤ ጋር እራት እበላለሁ፤ እሑድ ከሰዓት በኋላም ስልኬን ዘግቼ ከባለቤቴ ጋር ቡና እጠጣለሁ። ዋጋ አላስከፈለኝም አልልም። አንድ ሙሉ ጭነት ጀንፈል ሌላ ነጋዴ ቀድሞኝ ወስዶታል። አንጀቴ አሯል፤ ግን አልጸጸትም።

እናንተስ፣ የተወደዳችሁ ባለትዳሮች? ዛሬ ማታ መብራቱን ከማጥፋታችሁ በፊት ሁለት ነገር ተጠያየቁ። እርስ በርሳችን ያለ ችኮላ የተነጋገርነው መቼ ነው? ቤታችንን ያበራል ብለን የያዝነውስ የሚያበራው ነው ወይስ የሚበላው? አንዱ ሲመልስ ሌላው አያቋርጥ።

ልጄ የመጨረሻ መልሷን አግኝታለች። «ድንጋዩ አለ ልጄ፤ ግን ቀን ቀን መስኮቱን የሚከፍትለት ሰው ይፈልጋል» አልኳት። «እኔ እከፍታለሁ፤ አንተ ደግሞ ማታ ና» አለችኝ።