በሕዝብ ሜዳ ላይ አንፈርም

የወልድያ፣ የመርሳና የሀብሩ ሽማግሌዎች፤ ሼሁም ቄሱም፣ የእድር ዳኛውም፤ ይህን የምለው እንደ እኔ ጸጉራችሁ ለሸበተው ነው።

ደም ያደረቅን፣ ባልና ሚስት ያስታረቅን ሰዎች ነን፤ ወሎ በዚህ ይታወቃል። አሁን ግን ሽምግልናችን መሬት ማስረከቢያ እየሆነ ነው፤ ተጠንቀቁ።

አካሄዱን ታውቁታላችሁ። ልጆች ኳስ በሚጫወቱበት፣ ከብት በሚውልበት ሜዳ ላይ ጠዋት ችካል ይተከላል፤ ማታ ቆርቆሮ ይዞረዋል። በማግሥቱ ለስብሰባ እንጠራለን። ስለ ልማት ይነገረናል፤ ከዚያ ወረቀት ይዞራል። መነጽር ያልያዘው ሳያነብ ይፈርማል፤ ያልተማረው አውራ ጣቱን ያሳርፋል። መገኘቱን ብቻ የፈረመ ይመስለዋል። ያቺው ወረቀት ነገ ችሎት ፊት «ኅብረተሰቡ ተወያይቶ ተስማምቷል» የምትል ቃለ ጉባኤ ሆና ትቀርባለች።

የራሳችንን ቂም ይቅር ማለት እንችላለን። የልጅ ልጆቻችንን ድርሻ ይቅር እንድንል ግን ማን ወከለን? የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ለሕዝብ አገልግሎት የተተወ ንብረት ከዚያ አገልግሎት መውጣቱ ሳይገለጽ ለሌላ እንዳይተላለፍ ከልክሏል። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 43 ደግሞ ማኅበረሰቡን በሚነካ ፕሮጀክት ላይ ሐሳቡ እንዲጠየቅ መብት ሰጥቶታል። ማዘጋጃ ቤት የሜዳው ጠባቂ እንጂ ባለቤት አይደለም።

«ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» የምትሉ አላችሁ። አንቀጽ 37 በፍርድ ሊታይ የሚገባውን ጉዳይ ሁሉ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት ሰጥቷችኋል። አባቶቻችን «በሕግ አምላክ» ሲባሉ ያነሡትን ዱላ ያወርዱ ነበር። ባለሥልጣንንም በሕግ አምላክ ማለት ዐመፅ አይደለም።

ደጅ መጥናት ደግሞ ቀን ይበላል። ከቀበሌ ወረዳ፣ ከወረዳ ዞን ስትመላለሱ ግንቡ ጣሪያ ይለብሳል። ሕግም ቀን ይቆጥራል፤ ለምሳሌ ቆሻሻ ወንዝ ዳር ቢደፋ፣ አዋጅ 300/1995 ጥቅሙ ያልተነካ ሰው እንኳ ለአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት እንዲያመለክት ይፈቅዳል። በ30 ቀን ውሳኔ ካልተሰጠው ወይም በውሳኔው ካልረካ በ60 ቀን ውስጥ መክሰስ ይችላል። ቀኑን ያሳለፈ ራሱን ይውቀስ።

የምትከሱትንም ለዩ። አፓፕ የተባለው የባለሙያዎች ማኅበር በ1990ዎቹ መጨረሻ ስለ አቃቂና ሞጆ ወንዞች ብክለት የአካባቢ ጥበቃ ባለሥልጣንን ከስሶ ነበር። ፍርድ ቤቱ ክሱን አልተቀበለም፤ መከሰስ ያለበት በካዩ ነው ተባለ።

ስለዚህ ያላነበባችሁት ላይ አትፈርሙ። ካልተስማማችሁ አለመስማማታችሁን በቃለ ጉባኤው አስመዝግቡ። አቤቱታችሁን በጽሑፍ አስገቡ፤ ቅጂው ላይ ቀንና ማኅተም አስመቱ። መልሱንም በጽሑፍ ጠይቁ። ገንዘብ አዋጥታችሁ ጠበቃ ያዙ። የሀብሩ ወረዳ ፍርድ ቤት መርሳ፣ ከፍተኛው ወልድያ ነው፤ ሩቅ አይደለም። በሕዝብ ሜዳ ጉዳይ «ስለ ሽማግሌ ብላችሁ ተዉት» ለሚላችሁ፣ ሽማግሌው የመተው ሥልጣን የለውም በሉት።