በስልክ ያለ አይረሳም፣ አይወረስም

ትዝታ የሚበላ አውሬ በፊልምም በጌምም አይታችሁ ይሆናል። ሐሪ ፖተርን የሚያውቅ ሰው ዲሜንተሮችን ያውቃል፤ ሰው አጠገብ ሲደርሱ ደስ ደስ የሚለውን ትዝታ መጥጠው ክፉ ክፉውን ብቻ ይተዉለታል። ጃፓኖች ደግሞ ባኩ የሚሉት ሕልም የሚበላ ፍጥረት አላቸው። እኛ ልጅ ሆነን የተስፈራራነው በአያ ጅቦ ነው። አያ ጅቦ ቢበዛ ሥጋችንን ቢበላ ነው፤ ትዝታችንን አይነካም።

እኔ ግን እዚህ ፉሪ አንድ ትዝታ የሚበላ አውሬ አውቃለሁ። የበላውን ሆዱ ውስጥ ያከማቻል፤ ደስ ሲለው ብቻ "የዛሬ ሦስት ዓመት እንዲህ ነበርክ" ብሎ አንዷን ይተፋል። ማታ ማታ ቻርጅ ላይ እንሰካዋለን።

አባቶች "በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል" ይላሉ። በስልክ ያለውስ? የእኔ መልስ አጭር ነው፦ አይረሳም፣ ግን አይወረስም። እዚያው አውሬው ሆድ ውስጥ ይቀራል።

ባለፈው ዓመት ሰፈራችን ለቅሶ ነበር። ድንኳኑ ውስጥ የሚቀመጥ የሟች ፎቶ ተፈለገ። ሰውየው ፎቶ ማንሳት ይወዱ ስለነበር ስልካቸው ሙሉ እንደሆነ ሁሉም ያውቃል፤ ፓተርኑን የሚያውቅ ግን አንድም ሰው አልነበረም። ልጆቻቸው ደጋግመው ሞከሩ፣ ስልኩ ይባስ ቆለፈ። በመጨረሻ ከቀበሌ መታወቂያ ላይ የተነሣች ጉርድ ፎቶ በትልቁ ታትማ ተቀመጠች። ፊታቸው ደብዝዞ ነበር። የእድሜ ልክ ፎቷቸው ደግሞ እዚያው ቤት፣ መሳቢያ ውስጥ፣ ተቆልፎ።

ፉሪ ደግሞ የሚያስታውስ ሰው በጣም የሚያስፈልገው ሰፈር ነው። ስሙን የሚጋራው ፉሪ ተራራ ከወጨጫና ከየረር ጋር አዲስ አበባን ከከበቡት የጠፉ እሳተ ገሞራዎች አንዱ ነው። ለብዙ አሥርት ዓመታት በዚህ ከተማ ባቡር ማለት ለገሃር ነበር። መስከረም 25 ቀን 2009 ዓ.ም. አዲሱ የጅቡቲ ባቡር ሲመረቅ ግን የአዲስ አበባ ጣቢያ ፉሪ ለቡ ሆነ። የከተማዋ የባቡር በር ወደኛ ሰፈር መጣ ማለት ነው። ከዚያ በፊት ቦታው ላይ ምን ነበር? ማሳው የማን ነበር? ወንዙ በየት በኩል ይሻገሩት ነበር? ይህን የሚመልሱ አዛውንቶች ዛሬም አሉ። እኛ ጋ ያለው ፎቶ ነው፤ ስም የሌለው፣ ታሪክ የሌለው፣ ብዙ ፎቶ።

"ፎቶ ካለ ትዝታው አለ" የሚል ካለ አንድ ጥናት ልጥቀስ። አሜሪካዊቷ የሥነ ልቦና ተመራማሪ ሊንዳ ሄንክል እ.ኤ.አ. በ2014 ባሳተመችው ጥናት ሰዎችን ሙዚየም አስጎበኘች፤ አንዳንዱን ዕቃ ፎቶ እንዲያነሱ፣ ሌላውን እንዲሁ እንዲያዩ አደረገች። በማግስቱ ሲጠየቁ ፎቶ ካነሱት ይልቅ እንዲሁ ያዩትን የተሻለ አስታወሱ። ካሜራው ያዘልኝ ሲል አእምሮ ይለቀዋል። አንድ ነገር ግን ልብ በሉ፦ ዕቃውን አቅርበው አንዱን ክፍል ብቻ ያነሱት አልረሱም። ችግሩ ካሜራው ሳይሆን ሳያዩ ማንሳቱ ነው።

ጎተራውም የእናንተ አይደለም። ጉግል በነፃ የሚሰጠው 15 ጊጋባይት ነው፤ ሁለት ዓመት ያልተከፈተ አካውንት ደግሞ ከነፎቶው ሊያጠፋ ይችላል። ቴሌግራምም ለረጅም ጊዜ ዝም ያለ አካውንት ይሰርዛል። ማይስፔስ እ.ኤ.አ. በ2019 ሰርቨር ሲያዛውር ከሦስት ዓመት በፊት የተጫነ ፎቶ፣ ቪዲዮና ሙዚቃ ላይገኝ እንደሚችል ለተጠቃሚዎቹ አስታውቋል። ያን ሁሉ ሲጭኑ የነበሩ ልጆች እንደኛው "እዚያ አለልኝ" ብለው የተቀመጡ ነበሩ።

ስልክ ጠላት ነው እያልኩ እንዳይመስላችሁ። ዐረብ አገር ያለች ልጇን ድምፅ በኢሞ እየሰማች የምታድር እናት ሰፈራችን ውስጥ ሞልታለች። አያቶቻችን ብዙዎቹ አንድ ፎቶ እንኳ ሳይኖራቸው ነው ያለፉት። ነገር ግን ያለ ፎቶም ስማቸው ደርሶናል። ለምን? ለጋብቻ ሰባት ቤት ይቆጠር ስለነበር ነው። ልጅ አባቱን፣ አያቱን፣ ቅድመ አያቱን እየቆጠረ ያድጋል፤ ካልቆጠረ ያፍራል። ትዝታ በአፍ ሲዘዋወር ይኖራል። ዛሬ ስንቶቻችን ነን አራተኛው ላይ የማንቆመው?

ስለዚህ አውሬውን እንግራው። አንደኛ፣ በጉግል አካውንታችሁ ሴቲንግ ውስጥ እናንተ ስትጠፉ ፋይላችሁ ለማን እንደሚሰጥ የምትሞሉበት ቦታ አለ፤ እስከ አሥር ሰው መመዝገብ ይቻላል። አይፎን የያዘም እንዲሁ ወራሽ መመዝገብ ይችላል። አምስት ደቂቃ አይፈጅም። ሁለተኛ፣ ከሺዎቹ ውስጥ በዓመት ሃያ ፎቶ ምረጡና አሳትሙ፤ ከጀርባው በእስክሪብቶ ማን፣ የት፣ መቼ ብላችሁ ጻፉ። ያኔ ነው "በጽሑፍ ያለ" የሚሆነው። ሦስተኛውና ትልቁ፣ የአዛውንቶቹን ድምፅ ቅዱ። ቲክቶክ ላይ ለመልቀቅ አይደለም፤ ፉሪ እንዴት እንደነበረች፣ ማን ከየት እንደመጣ፣ ሰባቱ ቤት እነማን እንደሆኑ ለማወቅ ነው። ቀድታችሁ ደግሞ ቢያንስ ለሁለት ዘመድ ላኩት።

የስልክ ወጪ፣ የካርድ ወጪ፣ የዳታ ወጪ ሁሉ ይተካል። የማይተካው የሚያውቅ ሰው ነው። ዛሬ ማታ ስልኩን ቻርጅ ላይ ከመሰካታችሁ በፊት አንድ የቆየ ፎቶ አውጡና ቤት ውስጥ ላሉት ትልቅ ሰው አሳዩ። "ይሄ ማን ነው?" በሏቸው። ከዚያ ስልኩን አስቀምጡና አዳምጡ።