የሂሩት ፊልም አባት ማነው?

«የመጀመሪያው የአማርኛ ፊልም የግሪኩ ነው» አለ ሰውየው ማኪያቶውን እያማሰለ። ፒያሳ፣ ከ2016ቱ ፈረሳ በተረፈ አንድ ቡና ቤት ውስጥ ነን። የተቃወመው የለም። እኔም ዝም አልኩ፤ ዝምታዬ ግን ሲቆጠቁጠኝ ሰነበተና ይህን ለመጻፍ ተነሳሁ።

በ1957 ዓ.ም.፣ ቴሌቪዥን አገራችን በገባበት ዓመት፣ «ሂሩት አባቷ ማነው?» የተሰኘው ጥቁርና ነጭ ፊልም ሲሠራ ዳይሬክተሩ ግሪካዊው ላምብሮስ ጆካሪስ ነበሩ። እውነት ነው። ደራሲውና ፕሮዲዩሰሩ ግን አቶ ኢላላ ኢብሳ ናቸው። አራዳ መሐል ቆማችሁ ይህን ስም ብትጠሩ ስንት ሰው ዞር ይላል?

«ፊልም የዳይሬክተሩ ነው» የሚለውን ከፈረንጅ የቀዳነውን ፈሊጥ አውቀዋለሁ። እስቲ ግን ርዕሱን ልብ በሉት። ግሪኩ የቤተሰብ ስም አለው፤ ከእናቱ ወገንም ሊወርሰው ይችላል። እኛ የቤተሰብ ስም የለንም፤ ያለን የአባት ስም ነው። ትምህርት ቤት ለመመዝገብ የቆመች ልጅ «ስም ከነአባት» ስትባል የምትለው ካጣች፣ የጎደላት የስሟ እኩሌታ ነው። ይህን አውቆ ከርዕሱ ላይ የሚሰቅለው «የማን ልጅ ነህ?» እየተባለ ያደገ ሰው ነው። ካሜራ ከባሕር ማዶ ይመጣል፤ ዳይሬክተርም ይመጣል። ይህ ጥያቄ ግን እዚሁ የበቀለ ነው።

ጆካሪስን ማሳነሴ አይደለም። በ1966 «ጉማ»ን የሠሩት ሚሼል ፓፓታኪስም የግሪክ ዘር ያላቸው የአገራችን ልጅ ናቸው። ከ2006 ወዲህ በፊልማቸው ስም ሽልማት ሲሰጥ ኖሯል፤ ይገባቸዋልም። በአቶ ኢላላ ስም የተጠራ ሽልማት ግን ሰምቼ አላውቅም።

የሚያበግነኝ ይህ ልማድ አለመልቀቁ ነው። የፊልም ማስታወቂያ ሲለጠፍ የተዋናዩ ፊት ግድግዳውን ይሞላል፤ የደራሲውን ስም ለማንበብ መነጽር ያሻል (ደራሲው ራሱ ዳይሬክተር ካልሆነ በቀር፤ ያኔማ ፊደሉ ይወፍራል)። ከዚያ ተሰብስበን «ፊልማችን ታሪክ አጣ» እያልን እናለቃቅሳለን። ታሪኩን የሚጽፈውን ሰው ከጥግ ወሽቀን ታሪክ ከየት ሊመጣ ኖሯል?

ሰውየው ከዚያ ቡና ቤት አይጠፋም። በሚቀጥለው ማኪያቶውን እኔው እጋብዘውና ስሙን አስደግመዋለሁ፦ ኢላላ ኢብሳ።