እናቴ ሲኒማን «የሰይጣን ቤት» ትለዋለች፤ ምን ላድርግ?

ጥያቄ፦ የ23 ዓመት ወጣት ስሆን አውቶቡስ ተራ ጀበና ቡና እየሸጥኩ እናቴን እጦራለሁ። ላገባው ያሰብኩት ልጅ የክፍለ ሀገር አውቶቡስ ረዳት ነው። የሚያርፈው እሁድ ብቻ ስለሆነ «ሲኒማ እንግባ» አለኝ። ለእማዬ ስነግራት «አያቴ የሰይጣን ቤት ነው ይሉ ነበር፤ ከገባሽ ልጄ አይደለሽም!» አለችኝ። እሱ ደግሞ «ወይ እሷን ወይ እኔን ምረጪ» ብሎ ካኮረፈ ሳምንት አለፈው። እባካችሁ ምን ላድርግ?
ግራ የገባኝ ነኝ፣ ከአውቶቡስ ተራ

መልስ፦ ውድ እህታችን፣ እናትሽ ቃሉን ከራሳቸው አላመጡትም። በአፄ ምኒልክ ዘመን ፊልም አዲስ አበባ ሲገባ፣ ጥላ ግድግዳ ላይ ሲሮጥ ያየ ሰው «የሰይጣን ሥራ ነው» አለ። ቴዎድሮስ አደባባይ አጠገብ የነበረው ማሳያም «ሰይጣን ቤት» ተባለ። ንጉሡ ግን ፊልም አይተዋል።

ያኔ አዲስ ነገር ሁሉ ያስፈራ ነበር። በ1900 ዓ.ም. ገደማ የእቴጌ ሆቴል ሲከፈት፣ ምግብ ገዝቶ መብላት ነውር ስለነበር ደፍሮ የሚገባ ጠፋ። ምኒልክ መኳንንቱን አስከትለው በልተው፣ ሒሳብ ከፍለው ሰዉን እንዳለማመዱት ይነገራል። ሕዝቡ የለመደው መዝናኛ ሌላ ነበር፦ የጃን ሜዳ ጉግስ፣ የገና ጨዋታ፣ የጠጅ ቤት አዝማሪ፣ የሰፈር ማኅበር። ሁሉም ሰው ለሰው እየተያየ ነው የሚጫወተው። ሲኒማ ግን መብራት ይጠፋል!

እንግዲህ እውነቱን እንነጋገር። እናትሽን ያስፈራቸው ፊልሙ ሳይሆን ጨለማው ይመስለናል። ልጃቸው ከማያውቁት ወንድ ጋር ጨለማ ውስጥ ልትቀመጥ ነው። ይህ ደግሞ የእናት ወግ እንጂ ኋላ ቀርነት አይደለም።

ስለዚህ መጀመሪያ ልጁ ቤት ይምጣ፤ ቡና ይጠጣ፤ እናትሽ ይወቁት። ቀጥሎ አንቺ ራስሽ እማዬን በቀን ፊልም አስገቢያቸው። ምኒልክ መኳንንቱን እንዳለማመዱት ማለት ነው።

«ምረጪ» ያለሽ ነገር ግን አልጣመንም። ዛሬ ከእናትሽ ያስመረጠሽ ነገ ከሥራሽም ያስመርጥሻል። ለአንድ ፊልም ሳምንት ያኮረፈ፣ ጎጆ ሲወጣ ስንት ሊያኮርፍ ነው? ይህን ፊት ለፊት ንገሪው። ቁም ነገረኛ ከሆነ ይቅርታ ጠይቆ ሽማግሌ ይልካል። አሻፈረኝ ካለ ግን፣ እህታችን፣ ከአውቶቡስ ተራ በየቀኑ ስንቱ ይሳፈራል፤ እሱንም በሰላም ሸኚው።