ነጋዴው ወንድማችን የሚታወሰው ጣሪያው ሲያፈስ ብቻ ነውን?

በየአጥቢያችን ነጋዴ ወንድም የሚታወሰው የጸሎት ቤቱ ጣሪያ ሲያፈስ ነው። አስራቱን እንጠይቀዋለን፤ በእርሱ ሥራ ስንት ቤተሰብ እንጀራ እንደሚበላ ግን አንጠይቀውም። «ጌታ ለአገልግሎት ይጠቀምበት» ብለን ስንጸልይለት፣ ከሰኞ እስከ ቅዳሜ የሚሠራው አገልግሎት ያልሆነ እናስመስለዋለን። ይህ አስተሳሰብ መታረም አለበት እላለሁ።

አንድ ምሳሌ ላንሣ። የስዊዘርላንድ የሰዓት ሥራ ከተሐድሶ ታሪክ ጋር የተያያዘ ነው። ጄኔቫ በካልቪን ዘመን ጌጣጌጥን ስትከለክል ወርቅ አንጥረኞቿ እጃቸውን ወደ ሰዓት መለሱ፤ ስለ እምነታቸው ከፈረንሳይ የተሰደዱ ሁጉኖቶችም ሙያቸውን ይዘው መጡ። ሥራው በጁራ ተራሮች መንደሮች ተስፋፍቶ ለብዙ ትውልድ እንጀራ ሆነ።

እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ ግን ሊጠፋ ተቃረበ። በባትሪ የሚሠራው የኳርትዝ ሰዓት ከጃፓን መጣ፤ ጊዜን በትክክል ይጠብቃል፣ ዋጋውም እየረከሰ ሄደ። የሚያሳዝነው፣ ስዊዞች ራሳቸው በ1967 በኔውሻቴል የኳርትዝ የእጅ ሰዓት ሠርተው ነበር። የትናንት ክብራቸው በእጃቸው የያዙትን እንዳያዩ ጋረዳቸው። 90 ሺህ ገደማ የነበረው ሠራተኛ በ1980ዎቹ አጋማሽ ወደ 30 ሺህ ገደማ ወረደ።

በዚያን ጊዜ ባንኮች በቤይሩት የተወለደውን ኒኮላስ ሃየክን ለምክር ጠሩት። ከውጭ የመጣው ይህ ሰው ርካሽ ሰዓትም በስዊዘርላንድ ሊሠራ ይችላል ብሎ ተከራከረ፤ የከሰሩት ሁለት ትልልቅ ድርጅቶችም እንዲዋሐዱ መከረ። ኤርንስት ቶምከ የሚመራቸው መሐንዲሶች ዘጠና በላይ የነበሩትን የሰዓት ክፍሎች ወደ 51 አውርደው ስዋችን ሠሩ፤ በመጋቢት 1983 ለገበያ ቀረበ። ትርፉ እንደ ኦሜጋ ያሉ አሮጌ ስሞች ያሉበትን ድርጅት አቆመው፤ የመንደሮቹ ሙያም ተረፈ።

ሃየክን ቅዱስ ማድረጌ አይደለም። ብቻውንም አልሠራውም። ነገር ግን እግዚአብሔር ፀሐዩን ለሁሉ እንደሚያወጣ፣ ጥበብንም ለሰዎች ይሰጣል። በዘጸአት 31 ባስልኤል በመንፈስ የተሞላው ለስብከት ሳይሆን ለእጅ ሥራ ነበር። ነህምያም ወደ ፈረሰው ቅጥር የመጣው ከሱሳ ቤተ መንግሥት ነው፤ ጸለየ፣ ፍርስራሹን በሌሊት ዞሮ አየ፣ ከዚያም ሕዝቡን ለሥራ አስነሣ። እኛ ብዙ ጊዜ ከጸሎቱ በኋላ ያለውን እንዘልለዋለን። ፍርስራሹን ሳናይ «ይታነጻል» ብለን እናውጃለን።

ወገኖች ሆይ፣ በመካከላችን የሸማ ሥራው የቀዘቀዘበት፣ ልብስ ስፌቱን ሊዘጋ የተቃረበ ወንድም፣ ለሦስት ሴቶች ደመወዝ ለመክፈል እንቅልፍ ያጣች እኅት አሉ። በመጪው እሁድ ወደ ፊት እንጥራቸው፤ ገንዘብ ለመጠየቅ ሳይሆን እጃችንን ጭነን ለመጸለይ። ሰኞ ደግሞ ሄደን ሥራቸውን እንይ፤ ሒሳብ የሚያውቅ በሒሳብ፣ ገበያ የሚያውቅ በገበያ ይርዳቸው።

ለባለ ሥራዎችም አንድ ቃል አለኝ። ሃየክ በ2010 በ82 ዓመቱ ያረፈው በቢሮው ሳለ ነው። ለዓለም ሰዓት የሠራ ሰው በዕድሜው ላይ አንዲት ደቂቃ መጨመር አልቻለም። ስለዚህ በርትታችሁ ሥሩ፤ ዘመናችሁ ግን በሥራችሁ ሳይሆን በጌታ እጅ መሆኑን አትርሱ። መዝሙር 90ን ይዛችሁ ዕድሜ መቁጠርን እንዲያስተምራችሁ ለምኑት።

ጌታ የእጆቻችሁን ሥራ ያጽና። አሜን።